ሁለቱ ጀሪካን

ከደሴ ስወርድ፣ ሐረጎን ጠምዝዤ፣
ካሜራ በጀርባ፣ ሦስት ባትሪ ይዤ፣
«ድምፅ ለሌላቸው ድምፅ ልሆን» እያልኩኝ
(ለገንዘቡ ብዬ እንዲያ ነው የጻፍኩኝ)
ኮምቦልቻ ገባሁ።
ከፋብሪካው አጥር ቁልቁል፣ ቦርከና ዳር፣
ከአርጎባዎቹ ሰፈር
ጦይባን አገኘኋት።

ድምፅስ ነበራት፤
ከማዶ ለማዶ ሰው የምትጣራበት፣
ጎረምሳ ምትቆጣ፣ አራስ ምታስቅበት።

በሽመል ጫፍ ነክታ አረፋውን ስትገፋ፣
«ዛሬስ ሰማያዊ ሸሚዝ ነው እሚሰፋ»
አለችኝ፣ ወንዙን አይታ።
«ትናንት ቀይ ነበረ። ጥቁር የሆነ ለት
ከብት አናወርድም፤ ይውላል ከበረት።»
የሚጠጣውማ ከምንጭ ነው፣ ከማዶ፣
ዳገቱን ቧጥጦ፣ ጉልበትን አስገድዶ።

እኔ ይህን ሰምቼ — አላህ ይቅር ይበለኝ —
ፀሐይ ከጋራው ጀርባ ሳታመልጠኝ
«እንደገና ውጪው፤ ብርሃኑ አላማረኝ»
አልኳት። ወረደች። ወጣች።
«አሁንም፣ አንዴ ብቻ፣ ወደ እኔ ሳታዪ።»
«ባዶውን ልያዘው?»
«ባዶው ያስታውቃል።»
ወረደች። ሞላች። ወጣች።
ሃያ ሊትር ውሃ ወገቧን ሲያጎብጠው፣
እኔ ሻሿ ጠርዝ ላይ ጀንበሯን ነው ያየሁት።

ደሴ፣ ፒያሳ ጫፍ፣ ፎቅ ላይ ባለች ክፍል፣
መስኮቱን ጉም ዘግቶት ስቆርጥ፣ ስቀጥል፣
ስልክ ከአዲስ አበባ፦
«ሴትየዋ የምታለቅስበት የላትም?»
የላትም። ሳቅ ነው ያላት።
አራት ቀን ሙሉ ሳቀች፤ በጫማዬ ሳቀች፣
የማይኩን ጠጉራም ልብስ
«የማን ድመት ገደልክ?» ብላ ጠየቀች።

በአርጎብኛ ስታወራ ከስር ትርጉም ጻፍኩኝ፤
አንዲት ቃል ግን አለች፣ ወንዙን የምትጠራባት፣
ልጇን ሙህዲንን ጠየቅሁት። ራሱን አከከ።
«ወንዝ በላት... አይ፣ ወንዝ አይደለችም።
ዘመድ በላት... ዘመድም አይደለችም።
እኔም በደንብ አላውቃት። ተዋት።»
ተውኳት።
ሦስት ሰከንድ ያህል ከስሩ ባዶ ነው፤
የሚያውቃት ይሰማት።

ከትምህርት ቤቱ ግንብ አቡጀዴ ወጥረን፣
ጄኔሬተር ለምነን፣ ሹማምንት ጠርተን፣
በመሸ አሳየነው።
ኃላፊው ከፊት ነው፤ የታሸገ ውሃ ጉልበቱ ላይ አቁሞ።
ዳለቻ ብቅ ስትል
(በተቀረጸች በወሯ የሞተችው ላም)
ሕፃናቱ «ዳለቻ!» ብለው ጮኹ፣
አንዱ ሮጦ ሄዶ ግንባሯን ዳበሰ፣
ጨርቁ ተርገፍግፎ ፊቷ ተበተነ።
ከዚያ ወዲያ ማንም ጭጭ።

«ጥሩ ነው» አለ ኃላፊው፣ «ትንሽ ይጠር እንጂ።
የፋብሪካውም ጎን ይታይ።
ጉዳዩን እናጠናዋለን።»
ጭብጨባ፣ እንደ ካፊያ፣ ጀምሮ አባራ።

ጦይባ አላጨበጨበች፤ ጣቷን እየቆጠረች ነበር።
«አንተ ልጅ፣» አለችኝ፣ «ሦስቴ ነው የወጣሁት፣
እዚህ ጨርቅህ ላይ ግን አንዴ ነው ያየሁት።
ሁለቱ ጀሪካን ታዲያ የት ገባ? ማን ጠጣው?»

ሳቀች። ሰፈሩ ሳቀ። እኔም አብሬ ሳቅሁ።

ሐረጎን በጨለማ ሚኒባሱ ሲያጣጥር፣
ካሜራው ጭኔ ላይ፣
አርባ ሊትር ውሃ ከብዶኝ ነበር።