የምድር ቤቱ ቁልፍ

ቁልፉ እኔ ዘንድ ነው፣ ከካፖርቴ ኪስ፣
ማኅበሩ ሌላ ሰው እስኪሾም ድረስ።
በኮትካ ወደብ ዳር፣ አርባ አባወራ ያለበት
ሕንፃ አለ፤ ከሥሩ ሌላ ቤት፣ ማንም የማይከራየው ቤት፣
ግድግዳው ክንድ ከስንዝር፣ በሩ ብረት በብረት።

ኮርሱን ወስጃለሁ፣ ሁለት ቅዳሜና እሁድ፦
ጨረር እንዴት እንደሚለካ፣ አየር በየት እንደሚሄድ፣
የአዮዲን እንክብል ለማን፣ መቼ እንደሚታደል፤
የሚያለቅስ ሰው ሲገጥም፣ መጽሐፉ "አረጋጉት" ይላል።

ሐሙስ ማታ በር በበር ዞሬ "ልምምድ ነው፣ ውረዱ" አልኩ።
እያጉረመረሙ መጡ፣ ገሚሱ በነጠላ ጫማ፤
ወጣ የሕፃን አልጋ፣ ወጣ ብስክሌት ያለ ጎማ፣
ወጣ ድንኳን ያለ ካስማ፣
ጥርሱ የረገፈ ፒያኖ፣ "የኔ ነው" የሚል የጠፋ፣
በአራት ሰው፣ እንደ ሬሳ ሣጥን፣ ከደረጃ ደረጃ እየተገፋ።
ኦስሞ የጨመቀው የቤሪ ጭማቂ፣ ዓመቱን በእጁ የጻፈበት፣
እሱም ወጣ። እሱን ግን "ምግብ ነው" ብዬ መለስኩት።

መብራት ከሄደ የአየር ማጣሪያው በእጅ ነው የሚዞር፤
ሩብ ሰዓት አንዱ፣ ሩብ ሰዓት ሌላው፣ ላብ እስኪንጠባጠብ ከግንባር።
እዚህ ትንፋሽ ዕቁብ ነው፤ ለሁሉም በተራው ይወጣል።
ማንም አላወራም፤ ብረቱ ብቻ ያጓራል።

ወለሉን በጠመኔ ከፈልኩት፣ ለያንዳንዱ እንደ ድርሻው፦
ሦስት አራተኛ ካሬ ሜትር፣ ለወፍራሙም ለከሲታው።
ፒንያ፣ ዐሥራ አምስት ዓመቷ፣ ካሬዋ ውስጥ ቆማ ስልኳን አየች፤
"ኔትወርክ የለም?" "የለም።" "እንግዲያው ውጪ ይሻለኛል" አለች።

ከአራተኛ ፎቅ ኤንሲዮ፣ የመርከብ ጭነት ይመዘግብ የነበረ፣
እንደ ጥላው የምትከተለውን ውሻ ይዞ ከደፉ ቀረ።
"እንስሳ አይገባም ይላል፣ በሩ ላይ የለጠፍሽው።"
"ይላል።"
"ጠመኔ ከተረፈሽ፣ የኔን ካሬ ከውጪ አሥምሪው።"
ደግ ሽማግሌ ነው፤ ድምፁን እንኳ አላነሣም።
መመሪያውን ገለጥኩ፤ ለዚህ የሚሆን ገጽ የለውም።

ሲነጋ ዕቃው ሁሉ ተመለሰ፤ ፒያኖውም ሳይቀር ገባ፣
እኔ ብቻዬን ቆሜ የበሩን ማጠፊያ ዘይት ስቀባ።
መዝገቡን ከፈትኩ። ሰባ ስምንት ሰው ነበር የወረደው።
ሰባ ዘጠኝ ብዬ ጻፍኩ።
ተቆጣጣሪው ቢጠይቀኝ፣ መልሴ "ዓይኔ ደክሞ ነው።"