የምሩን

ቲቪው ውስጥ የባቡር ኮንትሮል ነው፤ ቆቡ ዓይኑን የጋረደው፣
በየሳምንቱ ባቡሩ ጥሎት የሚሄደው።
ሳቅንለት፣ ዐሥር ዓመት።

ከዚያ ዘፈነ። የምሩን።
ደቻቱ ሞልቶ የወሰደውን ታናሹን።
ካሴቱን ከዚራ፣ ሱቄ ደርድሬ ሦስት ሰው ገዛኝ፤
አንደኛው በማግስቱ መጥቶ፣ «ቀልዱ የታል? ቀይርልኝ» አለኝ።

ትናንት ማታ ከሳቢያን ስንመለስ፣ እኔና እሱ፣ ባጃጅ ላይ፣
ልጁ ፍላሽ ሰካ። ያ ድምፅ።
ድልድዩ ጋ ደርሰን፣ ደረቁን አሸዋ ስናይ፣
«ማነው ግን ሰውዬው?» አለ፤ «አንጀቴን በላው እኮ!»
ነስረዲን ዝም። በጨለማው ጫማውን ያያል፣ አንገቱን ደፍቶ።

ሲወርድ፣ ሂሳብ ሊከፍል፣ የሱቅ መብራት ፊቱን ገለጠው።
«ኮንትሮል!» ልጁ ጮኸ፤ ሳቁ መሪውን አስለቀቀው፤
«ዛሬም ባቡሩ አመለጠህ?»

«አመለጠኝ» አለው።