ቆቡን የጣለ ዓይን

ኅዳር ነው፣ ኖርዌይ ነው፤ ፀሐይ አልወጣችም፣
ሬይዱን ግን ገብታለች፤ ዛሬም አልቀረችም።
ዐሥራ ሁለት ስክሪን ግድግዳው ላይ በርቷል፣
በያንዳንዱ ሆድ ውስጥ ባሕር ተከትቷል፤
ሺህ ሳልሞን በዚህኛው፣ ሺህ ሳልሞን በዚያኛው፣
ዞሮ የማይደክመው የመረብ እስረኛው።
ያ ሁሉ ሲርመሰመስ፣ ድምፅ የለም።

ሥራዋ ማየት ነው፦ በላ? ወይስ ጠገበ?
መኖው ሳይነካ ወርዶ ከታች ተሰበሰበ?
ሲበቃው ለይታ ማሽኑን ትዘጋለች፤
ለራሷ ሲበቃት ግን
በምን ታውቃለች?

ገና ረፋዱ ላይ ዓይኗ አሸዋ ሞላ፣
ትከሻዋ ቀንበር፣ አንገቷ ደረቅ ዱላ፤
ሌሊትም ሲመጣ ሥራው አይለቃትም፣
ጣራዋ ላይ ሚዞር ዓሣ አይራራላትም።
«ምን ሆንሽ?» ይላታል ባሏ አስላክ ተጨንቆ፤
«ደከመኝ» ትላለች፣
ዓይኗ ከስልኳ ላይ እንደ መዥገር ተጣብቆ።

ሐኪሟ ቶርዲስ ናት፤ ወሬ አታበዛም።
አየች፣ ደግማ አየች። ጥቂት ጊዜ ዝም።
«ጨፈን ገለጥ ማለት ረስቷል ይሄ ዓይን፤
ቆቡ ሥራ ፈቷል። ማን አስተማረው ይህን?»

ሬይዱን ሳቋ መጣ፦ «ዓሣ እኮ ቆብ የለው!
ስምንት ዓመት ሙሉ አፍጥጬ ስከተለው፣
አመሉ ተጋባብኝ፤ ዓይኔም ቆቡን ጣለ፣
እንደ ከዳ መነኩሴ ከገበያ ዋለ!»

ጠብታ ሰጠቻት። ከጠብታው ስም በላይ ግን
አንድ ቃል ጽፋለች፦ «ሩቅ»።
በየሃያ ደቂቃው፣ ሩቅ።

ሩቅ የት አለና! ወጣች ሰገነት ላይ፤
ብርዱ ጆሮ ይቆርጣል፣ ጨለማ ነው ሰማይ።
ልትመለስ ስትል፣ የመርከብ መሪው ማማ
ከደሴቲቱ ጫፍ፣ በዚያ ሁሉ ጨለማ፣
በራ።
ጠፋ።
በራ።
መቶ ዓመት እንዲህ ነው፤ እየጨፈነ መራ።
ሳይጨፍን ቢያፈጥ ኖሮ
ከሰው መስኮት መብራት ማን ይለየው ነበር?

«ሬይዱን!» አለ ኦድቫር ከውስጥ እየጮኸ፣
«ስምንተኛው ጠግቧል፣ መኖው እየፈሰሰ—»

ይፍሰስ።
ዓይኗ ቆቡን ደፋ፤ «ዓለም በቃኝ» አለ፣
ለሃያ ሰከንድ ብቻ፤
ምናኔም ልክ አለው፣ ደመወዝ እስካለ።

ከሥር፣ ከጥቁሩ ውኃ፣ አንድ ሳልሞን ዘለለ።
አላየችውም።
በስምንተኛ ዓመቷ፣ ገና ሰማችው።