ሁለተኛው ቁልፍ

መጀመሪያ ቁልፍ ሰማሁ፣ የማይዞር፣ የሚታገል፣
ከዚያ ማንኳኳት፣ በጣት ጫፍ፣ ሰው እንዳይረብሽ ያህል።
"ማን ነው?" አልኩ። ዝም አለ ደጁ፣ ስሙን እንደሚፈልግ፣
"ይማም ነኝ" አለኝ አንድ ድምፅ፣ በሳል የሚሸሸግ።

ሦስት ዓመት አንገትህ ላይ ላብህን የጠጣው ነሐስ
ከገዛ በርህ አልተስማማም።
የበሩን ሆድ ዕቃ አስለውጬ ነበር፣ ከተማው ሲታመስ፣
በሰደፍ የሰበሩት ዕለት።
አልጻፍኩልህም። በየት?

አሁን ቤት ውስጥ ሁለት ሰዎች፣ ይቅርታ የሚባባሉ፣
በጓዳው በር እየተጋጩ "እለፊ"፣ "እለፍ" የሚሉ።
አንተ ወለል ላይ ነህ፣ ጫማህን እንዳሰርክ፣ ፊትህ ወደ በር፣
እኔ ከአልጋው ዳር። መሐሉን ለምጄው ነበር።

የጨርቃ ጨርቁ ጥሩምባ ሲጮህ አገኘሁህ ከጠረጴዛው ሥር፣
ክንድህ በራስህ ላይ፣ ከንፈርህ ቁጥር ሲቆጥር።
"አብሽር፣ ፈረቃ ነው" አልኩህ፣ "ፈረቃ ነው፣ ሌላ የለም።"
ከዚያ ወዲህ ለእኔም ቢሆን ጥሩምባው ጥሩምባ ብቻ አይደለም።

ጎረቤቱ "እልል በይ" ይለኛል፣ "የቀረባትም አለች" እያለ፤
እውነት ነው። ምስጋናዬ ላይ ግን ያልተጣፈ ቀዳዳ አለ።

አንድ ማለዳ ሻይ አፈላህልኝ፣ ሦስት ማንኪያ ስኳር አድርገህ፣
የድሮዋን ዘሀራ አፍ እንደ አደራ ዕቃ አስቀምጠህ።
ስኳር ከተውኩ ሁለት ዓመቴ፤ ዋጋው ነው ያስረሳኝ።
ጠጣሁት ግን እስከ ጭላጩ፣ ጉሮሮዬን እየበላኝ።

ትናንት በርበሬ ወንዝ ወርጄ ቁልፍ አስቀረጽኩልህ፣
በአሮጌው ክር ላይ አሰርኩት፤ አሮጌውን ግን አልጣልኩብህ።

ዛሬ ንጋት ከሌሊት ፈረቃ፣ የጥጥ ብናኝ ጠጉሬን ሞልቶ፣
መጣሁ። ቁልፌ ዞረ። በሩ ግን እንቢ አለ፣ ከውስጥ ተዘግቶ።
አንኳኳሁ፣
በጣት ጫፍ፣ እንዳልረብሽህ ያህል።
"ማን ነው?" አልክ፣ ድምፅህ ዘብ የሚመስል።

ስሜን ፈለግኩት፤ የፋብሪካውን ካርድ ስም ሳይሆን ያንን፣
ሳትሄድ በፊት፣ መብራት ሲጠፋ፣ የምትጠራኝን።
"ዘሁ ነኝ" አልኩ።

መቀርቀሪያው ሲሳብ ሰማሁ፣ ቀስ እያለ፣ ቀስ እያለ።
"ግቢ፣ ብርድ ነው" አልከኝ።
ኮምቦልቻ ላይ ብርድ የለ።

ገባሁ።