የአውራ ጣት ማር

ኮምቦልቻ፥ ቀበሌ፥ ሦስተኛው መስኮት።
ጸሐፊው ብዕሩን ከጆሮው መዘዘ፤
«የአባት ስም?» አለና ቅጹ ላይ ፈዘዘ።
ጦይባ እኔን አየች።
እኔ ቦርከናን፤
ድልድይ በልቶ ሲያበቃ
አፉን ጠርጎ የተኛውን።

«እህትማማች ናችሁ?»
«አዎና» አልን ባንድ ድምፅ፥ ስንለው እንደኖርን፤
አልጋ አንድ፥ ብርድ ልብስ አንድ፥
ኪራዩን ለሁለት እየቆረጥን።

ትናንት ሌት ከፈረቃ ስገባ
አውራ ጣቷን ማር አስነክታ
ሐዋን ታጠባለች ጦይባ።
ጡት ቢሉት ጣት ነው፤
ባገራችን ግን፥ የጠባ ልጅ ነው።
«ያንቺንም ስጫት እንጂ!»
የጥጡን ብናኝ ታጥቤ ዘረጋሁ፤
ነከሰችኝ።
ጥርስ አብቅላለች ለካ!

«የአባት ስም?» ሰውዬው ደገመ።
«ይመር በል። የኔን አባት።»
ከመስኮቱ ደፍ ሥር ጦይባ
የተነከሰውን ጣት ይዛ
አልለቀቀችም።