ሳል

ፒያሳ፣ ከጦይብ ፎቶ ቤት ጓዳ፣
የሰርግ ካሴት ሳባዛ፣ የሰው ደስታ ስቀዳ፣
መቁረጥ ለመድሁ።
ሙሽሪት ስታቅማማ፣ አማት ስትገላምጥ፣
«ይቺን አውጣልን» ይሉኛል፤ እኔም ቁርጥ።

ኋላ ትኬት ቆረጥሁ፤ ሐረጎን ቁልቁል ወረድሁ፤
ከትልቁ ጣቢያ ደርሼ፣ ለመቁረጥ ተቀጠርሁ።
ኤዲተር፣ ዳይሬክተር፣ ኋላም ፕሮዲዩሰር፣
ስሜ በየፊልሙ ጭራ ሽቅብ ሲሰደር።

አንድ ክረምት ደሴ ገባሁ፤ ጦሳ ጉም ለብሶ፣
አባቴ በረንዳው ላይ፣ ጋቢውን እስከ አገጩ መልሶ፣
ስለ ሰኞ ገበያ፣ ስለ በቅሎ ዋጋ ሲያወጋኝ
ሳል አቋረጠው፤
«ድምፅ ያበላሻል» ብዬ፣ እጄ ሳሉን ቆረጠው።

ዛሬ እሱ የለም። ፊልሙ አለ፤ ጥርት ያለ።
ያየው ሁሉ «ግሩም ነው» አለ።
እኔ ግን ሌሊት ሌሊት፣ ከጣልሁት ቁራጭ መሃል
እፈልገዋለሁ፣ ሲስል።