መብራት የሄደበት ቦታ

ደሴ ፒያሳ፣ ከመድኃኒት ቤቱ ጎን፣ በአንድ በር ሱቅ፣
አባቴ አሊጋዝ ካሴት ይቀዳ ነበር፣ ጀርመንኛ ሳያውቅ።
ሸክላውን ያመጣው ሙሄ ነው፣ ድሬዝደን ብየዳ የተማረው፣
በብርድ ልብስ ጠቅልሎ፣ ከካልሲው ጋር ያሻገረው።
ሽፋኑ ላይ ሦስት ሰዎች፦ ሁለት ጢማም፣ አንዲት ሴት፣
ቡትስ ጫማዋ ብርማ፣ እስከ ጉልበት።

ርእሱን ማንበብ ቢያቅተው በራሱ ስም አወጣ፣
በቀይ እስክሪብቶ፦ «ጉም በጦሳ»፣ «አልመጣም ያለው መጣ»፤
ሦስተኛው ላይ ሲደርስ ግን እስክሪብቶው ቆመ፣
«የተዋበች» ብሎ ጻፈ።
ስም ይሁን ሙገሳ፣ እናቴ ሳትጠይቅ ከረመ።

እሱኑ ሲቀዳ፣ ሐምሌ ነው፣ መብራት ሄደ፤
ቴፑ በባትሪ ድንጋይ ይሠራል፣ ሸክላው ግን ደከመ፣
የሴትዮዋ ድምፅ ወፈረ፣ ተጎተተ፣ ወረደ፣ ወረደ፣
መብራት ሲመጣ
ከወደቀችበት ተነሥታ ቀጠለች።
ካሴት ውድ ነው። አልደገመውም።

ሐይቅም፣ መርሳም፣ ባቲም፣ ሾፌሮቹም እስከ አሰብ
ያችን መውደቅ ቀድተው ወሰዱ፣ የዘፈኑ ናት ብለው በማሰብ።
ሸዋበር ሠርግ ላይ ጎረምሳው እዚያ ቦታ ሲደርስ
ጉልበቱን አጥፎ ይወርዳል፤ ይነሣል፣ መብራት ሲመለስ።

በሁለተኛው አልበም አንደኛው ጢሙን ተላጨ።
በሦስተኛው ሴትዮዋ የለችም።
አራተኛው በማሽን ነው፤ ተባረረ ከበሮ፣
አባቴ «ተጣልተዋል» አለ፣ ፊቱን እንደ ሐዘንተኛ አጥቁሮ።
ካሴቱን ሲዲ በላው፣ ሲዲውን ፍላሽ በላ፣
ጀርመኖቹም «ምርጥ ምርጡን» ብለው፣ ሁለት ጊዜ፣ ከዚያ በኋላ
ታርቀው መጡ፣ ሴትዮዋም መነጽር አድርጋ፤
አባቴን ያኔ ዓይኑ ከድቶት፣ ሆጤ፣ ውሎው ካልጋ።

ዘንድሮ ሁሉንም ስልኬ ላይ አገኘሁት፣ አሥራ አንዱንም።
የሙሄ ልጅ ርእሶቹን ተረጎመችልኝ፤ ከአባቴ ጋር አንድም አይገጥም።
«ጉም በጦሳ» ለካ የበጋ ዕረፍት ነው፣ የባሕር ዳርቻ አሸዋ፤
«የተዋበች» ደግሞ፣ ሳቀች፣
የመኪና ቁልፍ ጠፍቷት ነው ያ ሁሉ እሪታዋ።

ለአባቴ አልነገርኩትም።
ስልኩን ጆሮው ሥር አድርጌ ያንኑ ከፈትኩለት፣
ታጥቦ፣ ጠርቶ፣ አንድ እንከን ሳይገኝበት።
መውደቂያዋ ደረሰ። አልወደቀችም፤ አለፈች።
እሱ ግን ጣቱን ከብርድ ልብሱ አውጥቶ ዝቅ አደረገ፣
ድሮ መብራት እስኪመጣ የቆየውን ያህል ቆየ፤
እስከዚያ ሴትዮዋ ዘፈኗን ጨረሰች።

«ዛሬ መብራት አለ እንዴ?» አለኝ።
«አለ» አልኩት።
«እሱ ነዋ!»